የተገዛው ጌም የት ገባ? ታብሌት ላይ አልከፈት ያሉ ጨዋታዎች ታሪክ

ምልክቷን ትነካላችሁ። ማያው ይጠቁራል፤ የኩባንያው አርማ ለሁለት ሰከንድ ብቅ ይልና ታብሌቱ ወደ መጀመሪያው ገጽ ይመልሳችኋል። ይቅርታ የለ፣ ማብራሪያ የለ። ደግማችሁ ትነካላችሁ፤ ያው ነው። ቤት ውስጥ ልጅ ካለ ከዚህ በኋላ የሚሆነውን ታውቁታላችሁ። መጀመሪያ ለቅሶ፣ ቀጥሎ «አንተ ነህ ያበላሸኸው» የሚል ክስ፣ በመጨረሻ ጉዞ ወደ ጥገና ሱቅ። የሱቁ መልስ ደግሞ ሁሌም አንድ ነው፦ «ፎርማት ይደረግ»።

አገሩ በዚህ ሁሉ ጉዳይ ተወጥሮ ስለ ልጆች መጫወቻ መጻፌ ለአንዳንዶቻችሁ ቀልድ ሊመስል ይችላል። እሺ። ነገር ግን ጥያቄው የጌም ብቻ አይደለም። ገንዘብ ከፍላችሁ የያዛችሁት ነገር አንድ ጠዋት አልከፈት ሲል ማን ዘጋው ብሎ የመጠየቅ ጉዳይ ነው። መልሱም ብዙ ጊዜ ታብሌቱ ውስጥ አይገኝም። ቀንና ዓመት ያላቸው፣ ሩቅ አገር ያሉ ኩባንያዎች የወሰኗቸው ውሳኔዎች ውስጥ ነው ያለው። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው።)

ታሪኩ ከታብሌቱ ልደት ጋር ይጀምራል። አፕል የመጀመሪያውን አይፓድ በጃንዋሪ 2010 አስተዋወቀ፤ በኤፕሪል ገበያ ላይ ዋለ። በዚያን ጊዜ ኢንተርኔት ላይ የነበሩት ቀላል ጨዋታዎች በብዛት የሚሠሩት ፍላሽ በሚባለው የአዶቤ ሶፍትዌር ነበር። ፌስቡክ ላይ የከተማውን ሰው ሁሉ ገበሬ ያደረገው ፋርምቪልም የፍላሽ ውጤት ነው። አይፓዱ ግን ፍላሽን ጨርሶ አልተቀበለም። ስቲቭ ጆብስ በዚያው ኤፕሪል ለሕዝብ ባወጣው ደብዳቤ ምክንያቱን ዘረዘረ፦ ባትሪ ይበላል፣ ደኅንነቱ አያስተማምንም፣ በጣት ለመንካት አልተሠራም፣ ደግሞም የአንድ ኩባንያ ንብረት ነው። የመጨረሻዋ ነጥብ ፈገግ ታሰኛለች። ይህን የሚለው ሰው የራሱን ታብሌት አንድ በር ብቻ ካለው ሱቅ ጋር አስሮ የሸጠ ሰው ነውና።

አዶቤ በ2011 ለስልክና ለታብሌት የሚሆን ፍላሽ መሥራቱን አቆመ። በ2020 የመጨረሻ ቀን ፍላሽ በጠቅላላ ተቀበረ፤ የመጀመሪያው ፋርምቪልም የተዘጋው በዚያችው ቀን ነው። ጆብስ በቴክኒኩ በኩል ትክክል ነበር ብዬ አምናለሁ። ነገር ግን አንድ ልማድም አብሮ ተተከለ፤ የትኛው ጨዋታ እንደሚከፈት የሚወስነው የታብሌቱ ባለቤት ሳይሆን የታብሌቱ አምራች ሆነ።

ትልቁ ቆረጣ የመጣው በ2017 ነው። እዚህ ላይ ለጥቂት መስመር ቴክኒክ ታገሡኝ። ፕሮሰሰር በሜሞሪ ውስጥ ያለውን እያንዳንዱን ቦታ የሚያውቀው በቁጥር ነው፤ ልክ እንደ ቀበሌ የቤት ቁጥር። 32-ቢት የሚባለው አሠራር ያለው የቁጥር ብዛት 4 ጊጋባይት ላይ ያልቃል። ከዚያ በላይ ሜሞሪ ብታስገቡለት ቁጥር ያልተሰጠው ቤት ይሆናል፤ ፖስታ አይደርሰውም። 64-ቢት ይህን ጣሪያ አነሣው። ችግሩ ለ32 የተጻፈ ጌም በ64 ላይ እንዲሠራ ሲስተሙ የድሮውን መሣሪያ ከአዲሱ ጎን ይዞ መቀመጥ አለበት። ሁለት ዕቃ ቤት እንደማስተዳደር ነው፤ ቦታ ይይዛል፣ ጥገና ይፈልጋል፣ ገንዘብ ይበላል።

አፕል የመጀመሪያውን ባለ 64-ቢት ስልክ ያወጣው በሴፕቴምበር 2013 ሲሆን አይፓድ ኤር በኖቬምበር ተከተለ። ከፌብሩዋሪ 2015 ጀምሮ አዲስ አፕ ሁሉ 64-ቢት መሆን ግዴታው ሆነ። ከዚያ ማስጠንቀቂያ መጣ፤ የድሮ ጌም ስትከፍቱ «ይህ አፕ ካልታደሰ ወደፊት አይሠራም» የሚል ጽሑፍ መታየት ጀመረ። በሴፕቴምበር 19 ቀን 2017 አይኦኤስ 11 ሲወጣ ቃሉ ተፈጸመ። ሁለተኛው ዕቃ ቤት ፈረሰ። የአፕ ገበያን የሚከታተለው ሴንሰር ታወር ከዚያ ቀደም ባወጣው ግምት በዚህ የሚመቱት አፖች 187 ሺህ ገደማ ነበሩ።

እነዚህ ሁሉ ቆሻሻ አልነበሩም። ቬትናማዊው ዶንግ ንጉየን ሠርቶት ዓለምን ያሳበደው ፍላፒ በርድ አንዱ ነው። ሰውየው ጌሙን በፌብሩዋሪ 2014 በገዛ ፈቃዱ ከገበያ አወጣው፤ ስልካቸው ላይ የቀረላቸው ሰዎች ስልኩን ከነጌሙ በውድ ዋጋ ለጨረታ ሲያቀርቡ አይተናል። ከሦስት ዓመት በኋላ እነዚያም ስልኮች አይኦኤስ 11ን ሲቀበሉ ወፏ መብረር አቆመች። ባዮሾክ ደግሞ ይብሳል። በ2014 በ15 ዶላር ገደማ የተሸጠ ትልቅ ጌም ነበር፤ በሚቀጥለው ዓመት አንድ የሲስተም አፕዴት መጣና አልከፈት አለ። አሳታሚው ጌሙን ጠግኖ እንደመመለስ ከሱቁ አነሣው፤ በኋላም ድጋፍ የለም ብሎ ዘጋው። አይኦኤስ 11 እስኪመጣ እንኳ አልደረሰም።

«ለምን አላደሷቸውም?» ብሎ መጠየቅ ቀላል ነው። ማን ያድሳቸው? በ2010 አንድ ጌም በ99 ሳንቲም የሸጠ ወጣት በ2017 ሌላ ሥራ ይዟል። ጌሙ የተጻፈበት ኮምፒውተር ተሸጧል፤ የተጠቀመበት ሶፍትዌር ፈቃዱ አልቋል፤ ጌሙን አንድ ጊዜ የገዛው ሰው ሁለተኛ ጊዜ አይከፍልም። ስለዚህ ለማደስ የሚወጣው ወጪ ተመላሽ የለውም። አፕል ይህን ያውቃል። በ2022 ለሦስት ዓመት ያልታደሱና ብዙ ሰው የማያወርዳቸውን አፖች «አድሱ፤ አለበለዚያ ይነሣሉ» የሚል ማስታወቂያ ልኮ ነበር። ትንንሾቹ ገንቢዎች ሲጮኹ ቀነ ገደቡን ከ30 ወደ 90 ቀን አራዘመ። መጽሐፍ ካልታደሰ ከመደርደሪያ ይውረድ የሚል መጻሕፍት ቤት አስቡ። ሐዲስ ዓለማየሁ መጥተው ፍቅር እስከ መቃብርን በየሦስት ዓመቱ ካላሻሻሉ ይነሣ እንደማለት ነው።

ከዚህ የከፋው ግን ጌሙ ሊሠራ እየቻለ እንዳይሠራ ሲፈረድበት ነው። የፊንላንዱ ሮቪዮ አንግሪ በርድስን ያወጣው በዲሴምበር 2009 ነው፤ ታብሌት ምን እንደሚያደርግ ለዓለም ካሳዩት ጌሞች ግንባር ቀደሙ ይመስለኛል። በ2019 የመጀመሪያው ቅጂ ከሱቆች ተነሣ። ሰው ሲወተውት ኩባንያው በማርች 2022 ጌሙን እንደ አዲስ ሠርቶ በ99 ሳንቲም መለሰው፤ ማስታወቂያ የለው፣ በመሃል ክፈሉ የሚል የለው። ሰው ገዛው፣ ወደደውም። ዓመት ሳይሞላው፣ በፌብሩዋሪ 2023፣ ከፕሌይ ስቶር አወረዱት፤ አፕ ስቶር ላይ ደግሞ «አንግሪ በርድስ» የሚለውን ስም ገፍፈው በሌላ ስም ደበቁት። ምክንያቱን ራሳቸው ተናገሩ፤ በሌሎቹ ጌሞቻችን ላይ ተጽዕኖ አሳደረ አሉ። በእኛ አማርኛ፦ አንድ ጊዜ የሚከፈልበት ጌም በየቀኑ የሚያስከፍለውን ጌም ገበያ ሻማበት።

ወደ አንድሮይድ ስንመጣ ነገሩ ቤታችን ድረስ ይገባል። አብዛኛው የአገራችን ታብሌት አንድሮይድ ነውና። ጎግል እንደ አፕል በአንድ ቀን አልቆረጠም፤ ቀስ ብሎ ነው የሄደው። ከኦገስት 2019 ጀምሮ ወደ ፕሌይ ስቶር የሚገባ አፕ 64-ቢት ቅጂ እንዲኖረው ደነገገ። ከኦገስት 2021 ጀምሮ 64-ቢት የሌላቸውን አፖች ለአዳዲሶቹ መሣሪያዎች ማሳየቱን አቆመ። በ2022 የወጣው ፒክስል 7 እና በ2023 የወጣው ፒክስል ታብሌት 32-ቢትን ጭራሽ አያንቀሳቅሱም። በ2023 የመጣው አንድሮይድ 14 ደግሞ ከአንድሮይድ 6 በፊት ለነበሩት ተብለው የተዘጋጁ አፖችን አልጭንም ይላል። ለዚህ የተሰጠው ምክንያት ሐሰት አይደለም፤ የአፕ ቫይረስ የሚጽፉ ሰዎች የድሮውን ደንብ እንደ መሸሸጊያ ይጠቀሙበት ነበር።

ርካሹ ታብሌት ላይ የሚሆነው ግን የዚህ ተቃራኒ ነው። ፕሮሰሰሩ 64-ቢት ሆኖ አምራቹ ሜሞሪ ለመቆጠብ ብሎ 32-ቢት አንድሮይድ የጫነባቸው ብዙ ናቸው። እነዚህ ላይ የድሮው ጌም ይከፈታል፤ አዲሱ ነው የማይከፈተው። በ2020 የወጣው ጌንሺን ኢምፓክት ለምሳሌ 64-ቢት ካልሆነ አይሠራም። ባለፈው ዓመት ከአረብ አገር በዘመድ እጅ የመጣ አንድ ታብሌት አይቻለሁ። ሳጥኑ ላይ የተጻፈው ራምና ታብሌቱ ውስጥ ያለው ራም ወንድማማች እንኳ አይደሉም። የሜሞሪውን መጠን የሚመረምር አፕ ስጭንበት ትክክለኛው ቁጥር የሳጥኑ ሩብ ሆኖ ተገኘ። እንዲህ ያለው ታብሌት ላይ ከባድ ጌም ሲከፈት አንድሮይድ ራሱን ለማዳን ጌሙን ይገድለዋል። ለተጠቃሚው የሚታየው ያው የጠቆረ ማያ ነው። ጥገና ሱቁ ሦስት ጊዜ ፎርማት ቢያደርገው ራም አይወልድም።

ሌላው የእኛ ጉዳይ መጠባበቅ ነው። ክሬዲት ካርድ የሌለው፣ ዳታ የሚወደድበት ሰው ጌምን ከፕሌይ ስቶር አይወስድም። በብሉቱዝ፣ በዜንደር፣ በቴሌግራም ግሩፕ ከጓደኛው ይቀበላል። ለዓመታት ይህ ያለ ችግር ሠርቷል፤ ኤፒኬ የሚባለው አንድ ፋይል ሙሉውን ጌም ይይዝ ነበርና። ከባባዶቹ ብቻ ኦቢቢ የሚባል ተጨማሪ ፋይል ነበራቸው፤ ያን ረስቶ ኤፒኬውን ብቻ የላከ ሰው ያስተዛዝባል። ከኦገስት 2021 ወዲህ ግን ጎግል አዳዲስ አፖች በጥቅል መልክ እንዲገቡ አስገደደ። ሱቁ ጥቅሉን ለእናንተ ታብሌት በልክ ይቆራርጠዋል፤ ለማያችሁ ስፋት፣ ለፕሮሰሰራችሁ ዓይነት፣ ለቋንቋችሁ የሚሆነውን ብቻ ይልካል። ዳታ ይቆጥባል፤ ጥሩ ነው። ግን ጓደኛችሁ ከስልኩ መዝዞ የላከላችሁ ፋይል ዋናው ግንድ ብቻ ነው፤ ቅርንጫፎቹ እሱ ጋ ቀርተዋል። ወይ አልጫንም ይላል፣ ወይ ተጭኖ ሲነካ ይዘጋል። ሁለት የተለያዩ ታብሌቶች ከሆኑ ደግሞ ቅርንጫፎቹም ቢላኩ ላይስማሙ ይችላሉ። ስለዚህ «እሱ ጋ እየሠራ እኔ ጋ ለምን እንቢ አለ?» የሚለው ጥያቄ ብዙ ጊዜ መልሱ ይህ ነው። ጌሙን ከሱቁ በቀጥታ አንድ ጊዜ ማውረድ ይፈታዋል።

ስለ ታብሌትና ስለ አገራችን ሲነሣ ወንጪና ወለንጪቲን ሳላነሣ አላልፍም። በ2012 «ለአንድ ልጅ አንድ ላፕቶፕ» የሚባለው ድርጅት በእነዚህ ሁለት ቦታዎች ትምህርት ቤት ላልገቡ ሕፃናት ሞቶሮላ ዙም የተባሉ ታብሌቶችን ከነሳጥናቸው፣ ያለ አስተማሪ ሰጠ። በፀሐይ የሚሞሉ ነበሩ፤ ውስጣቸው የፊደል መጫወቻ፣ መጽሐፍና ፊልም ተጭኗል። የድርጅቱ መሥራች ኒኮላስ ኔግሮፖንቴ በዚያው ዓመት እንደተናገረው አንድ ልጅ በአራት ደቂቃ ውስጥ ሳጥኑን ከፍቶ ማብሪያውን አገኘው። በአምስት ቀን ውስጥ እያንዳንዱ ልጅ በቀን 47 አፕ ይከፍት ነበር። በአምስት ወር ደግሞ ልጆቹ ተዘግቶ የተሰጣቸውን ካሜራ ከፍተው፣ እንዳይቀየር የታሰረውን የፊት ገጽ እንደየፍላጎታቸው ለዋውጠው ተገኙ።

ይህን ታሪክ ያኔ ዓለም በጭብጨባ ነው የተቀበለው፤ አንዳንዱ ጭብጨባ ለእኔ «እነዚህም ይችላሉ እንዴ?» የሚል ቃና ነበረው። እሱን ልተወው። እኔን የሚያሳስበኝ ሌላ ነው። ሞቶሮላ ዙም ባለ 32-ቢት መሣሪያ ነው። አምራቹ በይፋ የሰጠው የመጨረሻ ሲስተም አንድሮይድ 4.1 ነበር። ጎግል ደግሞ በ2021 ለዚያ ትውልድ የፕሌይ አገልግሎቱን ማደስ አቁሟል። ባትሪው ዛሬ ድረስ ቢቆይ እንኳ ያ በአራት ደቂቃ ሳጥን የከፈተ ልጅ፣ አሁን ጎረምሳ ሆኖ፣ አንድ አዲስ ጌም ሊከፍትበት አይችልም። የልጁ ብልሃት ካሜራ ከፈተ፤ ይህን ግን ብልሃት አይከፍተውም።

ከቢትና ከሜሞሪ ሌላ ጌም የሚዘጋበት ሁለተኛ መንገድ አለ፤ ፈቃድ። ጌሙ ሲከፈት ሩቅ ያለ ሰርቨር ጠይቆ «ይግባ» ካልተባለ አይገባም። ኒንቴንዶ በዲሴምበር 2016 ሱፐር ማሪዮ ረንን ለአይፎንና ለአይፓድ ሲያወጣ ዋጋው 10 ዶላር ገደማ ነበር፤ ያን ከፍሎም ብቻውን የሚጫወት ሰው ያለ ኢንተርኔት አይከፍተውም። የተሰጠው ምክንያት ስርቆትን ለመከላከል የሚል ነው። በጁን 2019 ኢንተርኔት በመላው አገራችን ሲቋረጥ የነበራችሁ ታስታውሳላችሁ። በዚያ ሰሞን የትኛው ጌም የራሳችሁ እንደሆነ፣ የትኛው የተዋሳችሁት እንደሆነ ለማወቅ መሞከር ብቻ በቂ ነበር።

ፈቃዱን የሚነሣው መንግሥትም ሊሆን ይችላል። አሜሪካ በሜይ 2019 ሁዋዌን በንግድ እገዳ ዝርዝር ውስጥ ስታስገባ ከዚያ በኋላ የወጡት የኩባንያው መሣሪያዎች ያለ ጎግል አገልግሎት ቀሩ። መለያ ለማስገባትም ሆነ ግዢ ለማረጋገጥ ጎግልን የሚጠራ ጌም እነዚህ ላይ ጠርቶ የሚመልስለት ያጣል፤ አንዳንዱ ማስታወቂያ ያሳያል፣ አንዳንዱ ዝም ብሎ ይዘጋል። ኩባንያና ኩባንያም ይጣላሉ። ኤፒክ በኦገስት 13 ቀን 2020 ፎርትናይት ውስጥ የራሱን መክፈያ አስገባ፤ አፕልና ጎግል በዚያው ዕለት ከሱቃቸው አስወጡት። አይፓዳቸው ላይ የነበራቸው ልጆች ከሁለት ሳምንት በኋላ የመጣው አዲስ ምዕራፍ አልደረሳቸውም። በአሜሪካ አፕ ስቶር ጌሙ የተመለሰው በሜይ 2025 ነው። አምስት ዓመት ለጠበቃ አጭር ነው፤ ያኔ አሥር ዓመቱ ለነበረ ልጅ ግን ልጅነቱ አልቋል።

ሦስተኛው መንገድ ሰው የማይገምተው ነው፤ ቀን። ታብሌትና ሰርቨር ሲገናኙ የምስክር ወረቀት ይተያያሉ፤ ወረቀቱ የሚጀምርበትና የሚያልቅበት ቀን አለው። ባትሪው ተሟጦ ቀኑ ወደ ኋላ የተመለሰ ታብሌት ወረቀቱን አይቶ «ይህ ገና አልተጀመረም» ይላል፤ ጌሙም «ኢንተርኔት የለም» ብሎ ይቆማል፣ ኢንተርኔቱ እየሠራ። አቆጣጠሩን የእኛ ለማድረግ ብሎ ዓመቱን ሰባት ስምንት ዓመት ወደ ኋላ የሚወስድ ሰውም ያው ይገጥመዋል። የተገላቢጦሹም አለ፤ ቀኑ ትክክል ሆኖ ታብሌቱ የሚያውቀው ዋና ማኅተም ሲያረጅ። ለብዙ ድረ ገጾችና አፖች ነፃ የምስክር ወረቀት የሚሰጠው ሌትስ ኢንክሪፕት በኖቬምበር 2020 ከአንድሮይድ 7.1.1 በፊት ያሉ መሣሪያዎች፣ ያኔ ከአንድሮይድ ሁሉ ሲሶው ገደማ፣ በሚቀጥለው ዓመት ሊቋረጡ እንደሆነ አስታወቀ። በወሩ ለሦስት ዓመት የሚያቆይ መላ አገኘ፤ ችግሩ ተላለፈ እንጂ አልተፈታም። አንዳንዴ ደግሞ ጥፋቱ ጌሙ ዘንድም አይደለም። በማርች 2021 ዌብቪው የሚባለው የአንድሮይድ ክፍል የተበላሸ አፕዴት ደርሶት በዓለም ዙሪያ አፖች ሲነኩ እየተዘጉ ዋሉ። መድኃኒቱ ያንን አፕዴት ማንሣት ነበር። ያን ቀን ስንት ታብሌት በከንቱ ፎርማት እንደተደረገ እግዜር ይወቀው።

እንግዲህ ጥገና ሱቅ ከመሄዳችሁ በፊት ቀኑን እዩ። ባዶ ቦታውን እዩ፤ ጌሙ ከሚለው መጠን እጥፍ ቢተርፍ ጥሩ ነው። ከዚያ የጌሙን ካሽ አጥፉና ታብሌቱን አጥፍታችሁ አብሩ። ካልሆነ ጌሙን ነቅሎ ከሱቁ እንደ አዲስ መጫን ነው፤ ግን ከዚያ በፊት ሱቁ ውስጥ አሁንም መኖሩን አረጋግጡ። ከሱቁ የተነሣ ጌም አንዴ ከነቀላችሁት ላይመለስ ይችላል። ልጁ የሚወደው የድሮ ጌም ያለበት ታብሌት ካላችሁ ደግሞ ትልቁን የሲስተም አፕዴት ለመቀበል አትቸኩሉ፤ ባንክና መልእክት የማትሠሩበት ከሆነ እንደነበረ ተዉት። አራተኛው ትውልድ አይፓድ አይኦኤስ 10 ላይ ስለቆመ ዛሬም የድሮዎቹን ጌሞች ይከፍታል፤ ሰብሳቢዎች የሚፈልጉት ለዚህ ነው።

ሕጉ ቀስ እያለ እየነቃ ነው። የአሜሪካው የቪዲዮ ጌም ታሪክ ፋውንዴሽን በ2023 ባወጣው ጥናት በዚያ አገር ከ2010 በፊት ከወጡት ጌሞች 87 በመቶው ዛሬ በሕጋዊ ገበያ አይገኙም። ካሊፎርኒያ በ2024 ባወጣችውና ከጃንዋሪ 2025 ጀምሮ በሚሠራው ሕግ፣ የዲጂታል ዕቃ ሻጭ የሚሸጠው ፈቃድ ብቻ ከሆነ «ግዙ» ብሎ ሰውን ማታለል አይችልም፤ ፈቃድ መሆኑን በግልጽ መናገር አለበት። አውሮፓ ውስጥ ደግሞ ዩቢሶፍት ዘ ክሩ የተባለውን ጌም ሰርቨር በማርች 2024 ማጥፋቱ ሰው አስቆጣና ሮስ ስኮት የሚባል የዩቲዩብ ሰው «ጌም መግደል ይቁም» የሚል ዘመቻ ጀመረ። ለአውሮፓ ኅብረት የቀረበው የዜጎች ጥያቄ በጁላይ 2025 አንድ ሚሊዮን ፊርማ አለፈ። የሚጠይቁት ኩባንያዎች ጌምን ለዘላለም ያንቀሳቅሱ አይደለም፤ ሲዘጉት የገዛው ሰው ሊከፍተው በሚችል ሁኔታ ይተዉት ነው። ዘመቻው የሚናገረው ለጌም አሳታሚዎች ነው። በ2017 የጠፉትን እነዚያን የ32-ቢት ጌሞች የዘጋቸው ግን ጌሙን የሠራው ሳይሆን ታብሌቱን የሠራው ነው፤ እሱን የሚጠይቅ ፊርማ እስካሁን አላየሁም።